አባዬ በአውቄ ሲከፍል

ትናንት ሌሊት በሕልሜ ቀበሌው ተነሥቶ እኔ ቤት መጣ። ሠራተኞቹ ፋይላቸውን ታቅፈው ከደጃፌ ጀምሮ እስከ አስፋልቱ ተሰልፈዋል። የፊተኛው አንገቱን ደፍቶ አንድ ፊርማ ብቻ እንድፈርምለት ለመነኝ። እኔም የስንት ዓመት ቂሜን ተወጣሁ፤ ፈራሚዋ ስብሰባ ላይ ናት፣ ነገ ተመለስ አልኩት። አመስግኖኝ ሄደ።

ወደ መንገድ ስወጣ አንዲት አህያ ነጭ ጓንት አጥልቃ ትራፊክ ታስተናብራለች። ሲሚንቶ የተሸከመ ሰውዬ አስቁማ፣ ከተፈቀደልህ በላይ ጭነሃል እያለች ትቆጣዋለች። ማዶ ደግሞ አባዬ ቆሞ ይጠብቀኛል። ጢሙን ተላጭቷል፣ ኮቱን ለብሷል፤ ገና ከሩቅ «ስንዱዬ» ብሎ ጠራኝ። አባዬ፣ አቶ መንበሩ፣ ሠላሳ አራት ዓመት ፖስታ ቤት የሠራ፣ የሦስት ሺህ ሣጥን ቁጥር ከነባለቤቱ በቃሉ የሚያውቅ ሰው ነበር። ከሁለት ዓመት ወዲህ ግን ይረሳል። መጀመሪያ ቁልፉን ረሳ፣ ቀጥሎ ሰፈሩን፣ አሁን አሁን እኔን። ስሜን ከአፉ ከሰማሁ አምስት ወር ሆኖኛል። በሕልሜ ግን ሁሉም ተመልሶለት አገኘሁት፤ ዳግመኛ እንዳላጣው ብዬ ክንዱን ጥብቅ አድርጌ ያዝኩ።

ሻይ ቤት ገባን። በዚያ አገር ብር የሚባል ነገር የለም፤ የሚከፈለው በእውቀት ነው። የምታውቁትን አንድ ነገር ስትናገሩ ከአፋችሁ ሞቅ ያለች ሳንቲም ትወድቃለች፤ ስሟ አውቄ ነው። ሳንቲሟን ከከፈላችሁ ግን ያንን ነገር ከዚያ በኋላ አታውቁትም። ሰው ሁሉ የሚያውቀው ነገር ዝርዝር ነው፤ እናንተ ብቻ የምታውቁት ትልቅ ዋጋ ያወጣል። እኔ የኬሚስትሪ አስተማሪ ነኝና፣ ዛሬስ አለፈልኝ ብዬ ደረቴን ነፋሁ።

ገንዘብ ተቀባይዋ በግ ናት። ውሃ በመቶ ዲግሪ ይፈላል ብዬ አንድ አውቄ ጠረጴዛው ላይ ጣልኩላት። በጥርሷ ነከሰቻትና መለሰችልኝ።

«ፎርጅድ ነው» አለች። «አዲስ አበባ ከመቶ በታች ነው የሚፈላው። ቀኑን ሙሉ ሻይ የማፈላው እኔ አይደለሁ እንዴ?»

ሃያ ዓመት ያስተማርኩት ነገር ነው፤ አፈርኩ። ሌላ ላወጣ አፌን ስከፍት አባዬ እጄን ያዘኝ።

«እኔ እያለሁ?» አለ።

ከአባዬ ጋር ሻይ ጠጥቶ የከፈለ ሰው ገና አልተወለደም። ሒሳብ ሲመጣ ክንድ ይጠመዝዛል፣ ይምላል፣ ይገዘታል፤ አንዴ ከአጎቴ ጋር ሲታገሉ ሁለቱም ከነወንበራቸው ወድቀዋል። በዚያ አገርም አመሉን አልተወም። የአንዲት ወይዘሮ ሣጥን ቁጥር ተናግሮ የሁለታችንን ከፈለ። ከዚያ ዞር አለና ጥግ ላይ ለተቀመጡ፣ በዓይን እንኳ ለማያውቃቸው ሰዎች ከፈለ። ሣጥኖቹ በመቶ በመቶ ሲወጡ እያየሁ፣ በቃህ እንጂ ስለው፣ ምን አለበት፣ ሞልቶኝ የለም ወይ አለኝ።

የተሳፈርንበት ታክሲ የሚሄደው ወደ ኋላ ነበር። ተሳፋሪዎቹ በመስኮት ብቅ ብለው ይጣራሉ፤ ረዳቱ ደግሞ ከኋላ እየሮጠ አሳፍሩኝ ይላል። ቀድሜ ልክፈል ብል አባዬ አፌን በእጁ ከደነው። የእኛን በክራባት አስተሳሰር ከፈለ። አንድ ሰውዬ አጠገባችን ሲቀመጥ ለእሱም ከፈለለት፤ ነፍሷን ይማርና እማዬ ልብስ ስታጥብ በምታንጎራጉረው ዜማ። ለአራት ፌርማታ! ረዳቱ ዜማውን ኪሱ ከተተው። ከዚያ በኋላ አባዬ ደጋግሞ ኪሱን ይዳብስ ጀመር፤ የሆነ ነገር እንደጎደለው ያውቃል፣ ምን እንደሆነ ግን አያውቅም። ተናድጄ አለቀስኩ።

ቤታችን በር ላይ አንዲት ፍየል ጥበቃ ሆና ቆማለች። ለመግባት አንድ ትልቅ አውቄ ክፈሉ አለች። አባዬ ኪሶቹን ሁሉ ገለበጠ፤ አንዲት ብቻ ቀርታዋለች። ጭብጡን ከፍቼ አየኋት። እኔ የተወለድኩባት ጠዋት ነበረች፤ ዝናቡ፣ የሆስፒታሉ ኮሪደር፣ አዋላጇ «ሴት ናት» ስትለው፣ እሱም እዚያው ቆሞ ስንዱ ትባል ሲል።

«አባዬ፣ ይቺን አትክፈል» አልኩት። «በእማዬ ነፍስ ይዤሃለሁ፣ ዛሬ እንኳ እኔ ልክፈል።»

ኬሚስትሪዬን ዘረገፍኩት፤ ፍየሏ ዝርዝር አልቀበልም አለች። እኔ ብቻ የማውቀው አንድ ነገር ነበረኝ። መጀመሪያ ትምህርት ቤት የገባሁ ቀን አባዬ ከአጥሩ ውጭ ቆሞ ሲያለቅስ አይቼዋለሁ፤ ማየቴን እሱም አያውቅም። እሷን አወጣሁ። ሳሳሁላት፣ ግን አወጣኋት። ክንዱን ጠመዘዝኩት፣ ክንዴን ጠመዘዘኝ። በሕልሜም አልቻልኩትም።

«እኔ እያለሁ አንቺ አትከፍዪም» አለኝና የእሱን ለፍየሏ ወረወረላት።

በሩ ተከፈተ። አባዬ ወደ እኔ ዞሮ በትሕትና አየኝና፣ ሴቶች ይቅደሙ ብሎ ገለል አለልኝ።

ትከሻዬን ሰው ሲነካኝ ነቃሁ። ነግቷል። አባዬ ኮቱን በፒጃማው ላይ ደርቦ አልጋዬ አጠገብ ቆሟል።

«ይቅርታ እመቤቴ» አለኝ። «ብቻዎን ነዎት መሰለኝ። ቁርስ ካልበሉ ይነሡ፤ ሒሳቡ በእኔ ነው።»

ሌላ ጊዜ እንዲህ ሲለኝ፣ አባዬ እኔ እኮ ስንዱ ነኝ፣ ይሄ ቤታችን ነው እያልኩ እሟገተዋለሁ፤ እሱም ይደነግጣል። ዛሬ አቅም አጣሁ።

«እግዜር ይስጥልኝ» አልኩት። «ይክፈሉልኝ።»

ደስ ብሎት ወደ ወጥ ቤት ቀደመኝ።