የአባቴ ከዘራ መድረክ ላይ

ሰው በቀልድ ሲነካ ግሩም ብልሃት አለው፤ ቶሎ ብሎ ወደ ጎረቤቱ ዞር ይላል። እርስዎ እንዲህ አያደርጉም። የሚያደርግ ጎረቤት ግን አያጡም።

ወላይታ ሶዶ እኛ ቤት ወጡ የሚሠራው፣ የበርበሬው ዳጣ የሚፈጨው በሸክላ ነው፤ ሸክላው ደግሞ የእማማ አልማዝ እጅ ሥራ ነው። ድስታቸው ጓዳችን ድረስ ይገባል፤ እሳቸው ግን አጥሩን አያልፉም። ሸክላ ሠሪ ናቸዋ! ታዲያ ወንድሜ ታምራት ልጃቸውን አማረችን ላግባ ብሎ ተነሣ። አማረች ቢጠና ከተማ አስተማሪ ናት። አባቴ «ዘራችን አይገጥምም፤ ሽማግሌ አልልክም» አለ። እሷም «ያለ ሽማግሌ ተደብቄ አልገባም» ብላ ለታምራት ቁርጡን ነገረችው። ወንድሜ ከሳ።

ለጊፋታ፣ ለወላይታ ዘመን መለወጫ በዓል፣ የሰፈሩ ወጣቶች ኮሜዲ ሊያሳዩ ሲዘጋጁ አማረች የአባቴን ጋቢና ከዘራ ለመነችኝ። ሰጠኋት። የዚያን ቀን አባቴ ከዘራውን ፍለጋ አልጋ ሥር ገብቶ ነበር።

መድረክ ላይ አማረች ጎብጣ፣ ከዘራውን በቀኝ እጇ ተደግፋ፣ ድስት ሊገዙ የመጡ አዛውንት ሆና ወጣች። እኛ ዘንድ ለጋብቻ መጀመሪያ የሚጠየቀው ጎሳ ነው፤ አዛውንቱም ድስቷን «ጎሳሽ ማን ይባላል?» አሏት። ድስቷ ዝም። «ጎሳዋን የማትናገር ድስት ቤቴ አትገባም!» ብለው ባዶ እጃቸውን ተመለሱና ሚስታቸውን ወጥ ሥሪ አሏት።

«በምን ልሥራው?»

«በዘሬ!»

ነገሩ በወላይትኛ ስለነበር እዚህ ትንሽ ቀዝቅዞብኛል እንጂ አዳራሹ በሳቅ ሊፈርስ ነበር። አባቴ እንባው እስኪወርድ ሳቀና በክርኑ ጎሸም አደረገኝ። «ቁርጥ አቶ ጴጥሮስን!» ጎረቤታችን ናቸው። በኋላ እንደሰማሁት አቶ ጴጥሮስም ቤታቸው ገብተው «ቁርጥ የታምራትን አባት!» ብለዋል።

ብዙም ሳይቆይ አባቴ ሽማግሌ ላከ። «እንደ ጴጥሮስ ነው እንድባል ነው?» እያለ። ኩራትም አንዳንዴ ደግ ሥራ ይሠራል ብዬ አመሰገንኩት።

በሠርጉ ቀን እማማ አልማዝ ሳሎናችን ውስጥ፣ ከአባቴ ጋር ከአንድ ገበታ ቆረሱ። ይህን ያሳየኝን አምላክ አመሰግናለሁ፤ ያን ኮሜዲም እንዲሁ። ሙሽራዋ ጉልበቱን ልትስም ዝቅ ስትል አባቴ ወደ ጆሮዋ ጠጋ አለ። አጠገባቸው ነበርኩና ሰማሁት።

«ልጄ፣ ከዘራዬን መልሺልኝ እንጂ። ደግሞ ለሌላ ጊዜ እወቂው፣ እኔ በግራ እጄ ነው የምይዘው።»