ቦምባው የታየበት ሲኒማ

[ሳን ፓብሎ ከተማ፣ የሽማግሌው ኖሪዮ ሳሎን። የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ካሜራ ይዘው ሊመጡ ነው። ኖሪዮና ሚስቱ ሉዲቪና አንድ ወንበር ይጓተታሉ።]

ኖሪዮ፦ ልቀቂ! ወንበሩ ለሚቀረጽ ሰው ነው።

ሉዲቪና፦ እኔስ ብቀረጽ?

ኖሪዮ፦ ስለ ምን? ልጆቹ የሚመጡት ስለ ቦምባ ሊጠይቁ ነው፤ ስለ ራቁት ፊልም! በዚህ ከተማ ከእኔ ሌላ ማን ያውቃል? ሂጂ ሙዝ ጥበሺ።

ሉዲቪና፦ [ሳትለቅ] እስቲ ምን ልትላቸው ነው?

ኖሪዮ፦ መጀመሪያ ቦምባ መጣ፤ ልብስ ወለቀ። ወታደራዊ አዋጅ ሲታወጅ ሳንሱሩ «ልበሱ» አለ። ተዋናዮቹም ነጭ የውስጥ ቀሚስ ለብሰው ወንዝ ገቡ።

ሉዲቪና፦ ከነልብሳቸው? ምነው፣ ሳሙና ጠፋ?

ኖሪዮ፦ ነጭ ልብስ ሲርስ ያሳያላ፣ አንቺ ሴትዮ! በኋላ እንደገና ወለቀ። ዛሬ ደግሞ ሁሉም በስልኩ ያያል።

ሉዲቪና፦ ቦምባውን መቼ አየኸው?

ኖሪዮ፦ [እየሳቀ] እጮኛሞች ሳለን፣ በሕማማት። ከእናትሽ ጋር የአንዲት ቅድስት ፊልም ልታዩ ላይኛው ሲኒማ ስትሄዱ ጥርሴን አሞኛል አልኳችሁ አይደል? ታች ሰፈር ሲኒማ ነበርኩ።

ሉዲቪና፦ ጉድ! እኔ ደግሞ ቅርንፉድ ልኬልህ! ታዲያ ምን አየህ?

ኖሪዮ፦ [ድምፁን ዝቅ አድርጎ] የዚያን ቀን... ፖሊስ ገባ። ቦምባው ከሌላ ፊልም መሃል የሚሰካ ቁራጭ ነበር። ፊልም አሳዪው ነቅሎ በጓሮ አሸሸውና ስለ አሳማ እርባታ አሳየን።

ሉዲቪና፦ በማን አሸሸው?

ኖሪዮ፦ በብስክሌተኛው። በሁለቱ ሲኒማ ቤቶች መሃል ፊልም የሚያመላልሰው።

ሉዲቪና፦ ለካ እሱ ነው! እኛ ጋ መጣ።

ኖሪዮ፦ የት?

ሉዲቪና፦ ቅድስቲቱ ተንበርክካ እየጸለየች ሳለ ድንገት አንዲት ሴት ራቁቷን ገላዋን ትታጠብ ጀመር። የእኛው አሳዪ ብስክሌተኛው ያመጣለትን ጥቅል ሳያይ ሰክቶታል።

ኖሪዮ፦ እናትሽስ?! ዓይንሽን አልሸፈነችም?

ሉዲቪና፦ «ዝም ብለሽ እዪ፤ ንስሐ ከመግባቷ በፊት ነው» አለችኝ። ንስሐው በደንብ እንዲገባን ብላ ቀጣዩንም ዙር አስቀመጠችኝ።

ኖሪዮ፦ [ወንበሩን ለቀቀ] ሁለት ጊዜ!

ሉዲቪና፦ አንተስ ከዚያ በኋላ?

ኖሪዮ፦ ፖሊስ ፈርቼ... ዳግም አልሄድኩም፤ የቀረውን ፀጉር አስተካካዩ ጋ ነው የሰማሁት።

[በር ይንኳኳል።]

ኖሪዮ፦ ሉዲቪና፣ እባክሽ... የምትታጠበዋ እንዴት ነበረች?

ሉዲቪና፦ [ተቀምጣ ቀሚሷን እያስተካከለች] ለካሜራው ስናገር ከማድ ቤት ትሰማለህ። በል፣ ሙዙ እንዳያርርብህ።