ሳልጠራ የገባሁበት ድንኳን

ሰው አዲስ ከተማ ሲገባ መጀመሪያ ቤት ይፈልጋል፤ ቀጥሎ ደህና ዳቦ ቤት። ከዚያ አንድ አመሻሽ ላይ ጥርሱን እየፋቀ፣ «እዚህ ብሞት ማን ይቀብረኛል?» ይላል። ያኔ ነው ብቸኝነት የገባው።

እኔ ይህ ሐሳብ የመጣብኝ ለሥራ ተዛውሬ ቡታጅራ በገባሁ ሰሞን ነው። ሰዉ ደግ ነው፤ ሰላምታ አይነፍግም። ግን ሰላምታው እንደ ባጃጅ አጠገቤ ይደርስና ሽው ብሎ ያልፋል። ጭጋግ ሲወርድ ደግሞ ከተማው በሙሉ የሌላ ሰው ሕልም ይመስለኛል፤ እኔ በስህተት የገባሁበት።

መላ ዘየድኩ። ሰርግ ጥሪ ይፈልጋል፤ ለቀስተኛን ግን «ማን ጠራህ?» የሚለው የለም። ለቅሶ ላይ የታየ ሰው፣ የሰፈር ሰው ነው።

አንድ ቅዳሜ ከቤቴ ጀርባ የዕድሩ ድንኳን ተተክሎ አየሁ። ወንዶቹ አግዳሚ ላይ ተደርድረው አቀርቅረዋል። ዝም። ገብቼ ጠርዝ ላይ ተቀመጥኩ። አጠገቤ ያሉት ሽማግሌ ጠጋ አሉልኝ፤ ትከሻቸው ትከሻዬን ነካ። አገሩን ከረገጥኩ ጀምሮ ሰው ሲነካኝ የመጀመሪያው ነበር። እንባዬ መጣ። ለማን እንደማለቅስ ባላውቅም፣ እንደዚያ የተመቸኝ ለቅሶ የለም።

የቤቱ ባለቤት፣ ጋሽ ሽኩር የሚሏቸው፣ ብቅ ሲሉ ተነስቼ እጅ ነሳሁ። «አላህ ሶብሩን ይስጥዎት» አልኳቸው፣ ለእምነታቸው የሚስማማውን የማጽናኛ ቃል በማወቄ ኮርቼ።

ድንኳኑ ዞሮ አየኝ።

«ኧረ ልጄን ልድር ነው!» አሉ።

ለካ መብራት ጠፍቶ ዘፈኑ ቆሟል፤ ሙሽራው ስለዘገየም ምግብ አልቀረበም፤ ሰዉን አንገት ያስደፋው ረሃብ ነው።

ሽማግሌው በሳቅ ፈነዱ። «ተወው ሽኩር! አንተ ማታ ልጅህ ስትሄድ የምታለቅሰውን ነው ቀድሞ ያለቀሰልህ!»

ጋሽ ሽኩር እንባዬን አዩት። «የማን ልጅ ነህ?»

«እዚህ ማንም የለኝም።»

«ለልጄ አልቅሰህማ የኛው ነህ። በል ተነስ፣ ቆጮ አሳልፍ!»

ሙሽራው ደረሰ። ትሪ ተሸክሜ ስዞር «ና ወዲህ!»፣ «አንተ፣ እኛን ዘለልከን እኮ!» እያለ ቡታጅራ በሙሉ ጠራኝ። ሁሉም ጠግቦ ጓዳ ስገባ ድስቱ ተጠርጓል።

«ውይ፣ አንተን ረሳንህ!» አሉ ሴቶቹ፣ ደንገጥ እንኳ ሳይሉ።

ሆዴ እየጮኸ፣ ፈገግ ብዬ ወደ ቤቴ ሄድኩ። እንግዳ ብሆን ኖሮ በረሃብ አይሸኙኝም ነበር።