ድሃ መምሰል ያቃታቸው እትዬ ብርቄ

እኔ የምለው፣ መንግሥት ሲዘምን አይታችሁ ታውቃላችሁ? እኔ አይቻለሁ። እዚሁ አሰላ፣ ዓይኔ እያየ ነው የዘመነው። ክረምት ነበር፤ የጭላሎ ተራራ ጉሙን ተከናንቦ የተኛበት ሰሞን።

መጀመሪያ የዘመነው መልሱ ነው። ድሮ ቢሮ ስንሄድ «ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው» እንባል ነበር። አሁን «ሲስተም የለም» ሆኗል። እኔ ደግሞ ወንበር ላይ ካስቀመጡኝ ሀሳብ ጭልጥ አድርጎ ይወስደኛል። የጂኦግራፊ አስተማሪ ስለሆንኩ ይሁን፣ ተራራ ሳይ ስለኖርኩ፣ እንጃ። ሲስተም የሚባለውን ሰውዬ ቁጭ ብዬ አስበዋለሁ። ኮት ለብሷል፣ ቦርሳ ይዟል፣ ከአዲስ አበባ በማለዳ ተነስቷል። ኢተያ ላይ ሲደርስ አረንጓዴው ስንዴ ያምረውና ይወርዳል። ሻይ ያዛል። ነፋሱ ስንዴውን ወዲያና ወዲህ ሲያደርገው እያየ ሻዩ ይቀዘቅዝበታል። እኛ እዚህ ተሰልፈን እንጠብቀዋለን፣ እሱ እዚያ ስንዴ ያያል። ማን ይፈርድበታል? እኔም ብሆን እወርድ ነበር።

ይኸው፣ አሁንም ሄድኩላችሁ። ልመለስ።

ከእኛ ቤት አጠገብ እትዬ ብርቄ የሚባሉ ሴት አሉ። አጥራችን አንድ ነው። ባላቸው ከሞቱ ቆይተዋል፣ ልጅም አልወለዱም። ዕድሜያቸውን ሙሉ የሰው ልብስ ሲያጥቡ ኖረው አሁን ጉልበታቸውም እጃቸውም እምቢ አላቸው። ሲርባቸው «ጾም ላይ ነኝ» ይላሉ። በበዓለ ሃምሳ፣ ቄሱ ራሳቸው በማይጾሙበት ጊዜ እንኳ ይሉታል። ከመንገዱ ማዶ ሱቅ ያላት ሐዋ፣ እስላም ናት፣ አንድ ቀን ያዝ አደረገችኝና የእናንተ ጾም ደግሞ ማለቂያ የለውም እንዴ ብላ ጠየቀችኝ። ምን ልበላት?

ጎረቤት ምን ይሠራል ትሉኝ ይሆናል። እንዴታ! ጎረቤትማ አለ። ችግሩ ሳህኑ ነው። ሐዋ ምግብ ትልክላቸዋለች። እትዬ ብርቄ ደግሞ የሰው ሳህን ባዶውን መልሰው አያውቁም፤ ሞተው ነው የሚገኙት! ያቺኑ ያለቻቸውን ቆሎ ሞልተው ይመልሳሉ። እኛ በረዳናቸው ቁጥር እሳቸው ይደኸያሉ። ሚስቴ ብልጥ ልሁን ብላ ሳህኑን ትታ በፌስታል ላከች። ፌስታሉ ከጓሯቸው የተቀነጠሰ ጎመን ተሞልቶ ተመለሰ። እንዲህ ላለ ሰው የሚሻለው መንግሥት ብቻ ነው። ለመንግሥት ሳህን አይመለስለትም።

ሴፍቲኔት የሚሉት ድጋፍ ወደ ሰፈራችን ሲመጣ ታዲያ ሁላችንም ያሰብነው እሳቸውን ነው። ድሮ ቢሆን ኮሚቴ ቁጭ ብሎ ይመርጣል። ኮሚቴ ደግሞ ድሃ አስታውስ ሲባል መጀመሪያ ትዝ የሚለው አክስቱ ናት። አሁን ግን ዘምኗል። ባለሙያዎች ታብሌት ይዘው ቤት ለቤት ይዞራሉ፣ ያያሉ፣ ይጠይቃሉ፤ ነጥብ የሚሰጠው ታብሌቱ ነው። ታብሌት አክስት የለውም። እኔ በበኩሌ ደስ ነው ያለኝ፣ እውነቴን ነው።

ነገ ይመጣሉ በተባለ ዕለት እትዬ ብርቄ ሚስቴ ዘንድ መጡ። ከመንግሥት እንግዳ ሊመጣብኝ ነው፣ ቤቴ ደግሞ ይሄ ነው የሚባል መቀመጫ የለው፣ ምን ይሻለኛል አሉ። ጭንቅ ብሏቸዋል። እኔ በመሃል ገብቼ፣ ኧረ እንዲሁ ይታይ፣ ይህንኑ ሊያዩ አይደል የሚመጡት አልኩ። ሚስቴ ዓይኗን አፈጠጠችብኝ። እንግዳ መሬት ላይ ይቀመጥ ነው የምትለው? አለችኝ። ለዚህ ጥያቄ መልስ ያለው ባል እስካሁን አልተወለደም።

በማግስቱ ጠዋት ብታዩት! ጉሙ መንገዱን ሞልቶታል። ከከተማችን የብቅል ፋብሪካ በኩል ሽታው መጥቶ ከጉሙ ጋር ተቀላቅሎ፣ አየሩ በብርጭቆ ተቀድቶ የሚጠጣ ይመስላል። በዚያ መሃል ዕቃ ይሄዳል። ተሸካሚው አይታይም፣ ዕቃው ብቻ። የሐዋ ሶፋ ከግቢዋ ወጥቶ ቀስ እያለ በአየር ላይ አለፈ። የእኛ ምንጣፍ ተከተለው። ጋሽ ቱሉ የሚባሉ ጋሪ ነጂ ጎረቤት አሉን፤ ቴሌቪዥናቸውን በብርድ ልብስ ጠቅልለው፣ ጋሪያቸው ላይ ጭነው፣ ፈረሱን በልጓሙ ይዘው መጡ። ቤታቸው እኮ እዚያው ነው! በእጅ ይመጣ ነበር። ግን ለክብር ነው። ሕልም ይሁን እውን ሳልለይ በሬ ላይ ቆሜ ሳለሁ የመጽሐፍ መደርደሪያዬ ከነመጽሐፉ አጠገቤ አለፈ። ለካ ሚስቴ አውሳዋለች።

ባለ ታብሌቷ ደረሰች። ሰላም ትባላለች፣ ከድሬዳዋ ተመድባ የመጣች ልጅ ናት፤ የአሰላ ብርድ ጥርሷን ያንቀጫቅጫታል። እትዬ ብርቄ ሶፋው ላይ አስቀመጧት። ጩኮ ቀረበላት። የተቆላ የገብስ ዱቄት በቅቤ ታሽቶ፣ ቅቤው የሐዋ፣ ገብሱ የእኛ። ልጅቷ ሞቃት። ዙሪያዋን አየችና መጽሐፍ ያነባሉ ወይ ብላ ጠየቀቻቸው። እትዬ ብርቄ ፊደል አልቆጠሩም። ኧረ የለም የኔ ልጅ፣ ለእንግዳ ነው አሏት። ልጅቷ ታብሌቱ ላይ ጻፈች።

እኛ አጥር ስር ሆነን ስንሰማ እንዴት ኮራን መሰላችሁ! እሷ ግን ከዚያ ወጥታ የት ሄደች? ሐዋ ቤት። የሐዋ ሶፋ የት ነው ያለው? ከዚያስ? ጋሽ ቱሉ ቤት። ቴሌቪዥኑ የነበረበት ቦታ አቧራው ብቻ ቀርቷል።

ውጤቱ ሲመጣ እትዬ ብርቄ «ድጋፍ አያስፈልጋቸውም» ተባለ። ሐዋና ጋሽ ቱሉ ለድጋፍ ታጩ።

ሐዋ ሱቋን ዘግታ ቀበሌ ድረስ ሄደች። እኔን ድሃ ያለኝ ማነው ብላ ጮኸች። ጋሽ ቱሉ ፈረሳቸውን እያሻሹ ሳቁ፣ ሳቁ። እትዬ ብርቄ ደግሞ ለባሰበት ይሁን አሉና በራቸውን ዘጉ። በማግስቱ ሚስቴ ምሳ ብትጠራቸው ጾም ላይ ነኝ አሉ። ያን ቀን አናደዱኝ። መንግሥትም አናደደኝ፣ የእኛም ነገር አናደደኝ።

አቤቱታ አስገባን። ጉዳዩ እንደገና ይታያል ተባለ። በዚህኛው ዙር እንኳ አንሳሳትም ብለን ቤቱን ባዶ አደረግነው። እንደ ጉድ ነው ያጋነንነው። የሚቀመጡባትን የራሳቸውን ዱካ ሳይቀር አወጣን። ጋሽ ቱሉ የሟቹን ባል ፎቶ ከግድግዳው ላይ ሊያወርዱ ሲሉ ግን እትዬ ብርቄ ፊታቸው ቆሙ። እሱ የትም አይሄድም አሉ። ተውነው።

ሰላም ዝናብ እየመታት መጣች። ገብታ መቀመጫ ፈለገች፣ የለም። ምንም ሳትል መሬት ላይ ተቀመጠችና ታብሌቱን ጭኗ ላይ አደረገች። ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድባል። እኔ በሩ ጋ ቆሜ ሀሳብ ወሰደኝ። መንግሥት ራሱ አንድ ቀን ሰው ሆኖ ቢመጣ፣ እንዲህ በጭቃ ጫማ፣ ደክሞት፣ በስብሶ፣ እትዬ ብርቄ ምን ያደርጉት ነበር? እግሩን ያጥቡት ነበር፣ ሌላ ምን ያደርጋሉ? ይህን ሳስብ ልጅቷ እግሯ ደንዝዞባት ተቁነጠነጠች። እትዬ ብርቄ አዩዋት። ፊታቸው ተለዋወጠ።

«ሐዋ!» ብለው ጮኹ። «ሶፋውን አምጪ! የሰው ልጅ አፈር ላይ አስቀምጬ መንግሥት ቢረዳኝ ምን ሰው ነኝ!»

ሐዋ ይህን ስትጠብቅ ኖሯል። ሶፋው ላስቲክ ለብሶ አጥሩ ስር ነበር። ወዲያው ገባ። ምንጣፉ ተከተለ። ጋሽ ቱሉ ቴሌቪዥኑን ታቅፈው ገቡ። እኔም ማንም ሳያዘኝ መደርደሪያዬን ተሸክሜ ገባሁ። ወሬውን የሰማው የሰፈር ሰው ሁሉ ወንበሩን፣ ትራሱን፣ ቴርሞሱን እየያዘ ገባ። ሰላም ቆማ አፏን ከፍታ አየችን። ሶፋውን አየች፣ ሐዋን አየች። «አቦ!» አለችና ሳቋ አመለጣት። ሁሉም ነገር ገባት።

አንድ ጥያቄ ብቻ ቀርቷል አለች ሳቋን ውጣ። በችግር ጊዜ የሚደርስልዎ ሰው አለ? ከዚያ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ እማማ አስበው ይመልሱ፣ አለ ካሉ ነጥቡ ይበላሻል አለቻቸው።

እትዬ ብርቄ አንድ በአንድ አዩን። ዓይናቸው እንባ ሞላ።

«ርቦኛል» አሉ። «እውነቱን ልንገርሽ የኔ ልጅ፣ ጾም አይደለም፣ ርቦኝ ነው። ግን በእነዚህ ሰዎች ፊት ሰው የለኝም አልልም። ምላሴ ይቆረጥ!»

የልጅቷ ጣት አየር ላይ ቀረ። ያን ጊዜ ሚስቴ ከኋላ ጮኸች።

«የላቸውም! ማንም የላቸውም!»

«ዱጉማ!» አሉ ጋሽ ቱሉ በኦሮምኛ፣ ቴሌቪዥኑን እንዳቀፉ፣ «እውነት ነው፣ ብቻቸውን ናቸው!» ሐዋ ለሐሰት ወላሂ አትልም፤ አፏን ዘግታ ጭንቅላቷን ብቻ በኃይል ነቀነቀች። እኔም፣ ስንት ልጅ አትዋሹ ብዬ ያሳደግኩት መምህር፣ ጎሮሮዬን ጠርጌ ጎረቤት እንኳ የላቸውም አልኩ። እትዬ ብርቄ ተቆጡ። ውሸታም ሁላ፣ ከቤቴ ውጡልኝ ብለው እያለቀሱ ጮኹብን። ማንም አልወጣም።

ሰላም «የለም» የሚለውን ነካች። ታብሌቷን ቦርሳዋ ውስጥ ከትታ ልትሄድ ተነሳች፤ ግን በሩ ጋ መድረስ አቃታት። ማንም የሌላቸው ሴትዮ ቤት ሰው ጢም ብሎ ሞልቶ፣ ማለፊያ ጠፍቶ ነበር።