ያልመጣው የመዳብ ጋን

(ሩማኒያ፣ የፕሪም ዛፍ የከበበው አንድ መንደር። ኖቬምበር ሰባት፣ ከሰዓት በኋላ። የፓንቴ መጋዘን ውስጥ ሦስት ሰማያዊ በርሜሎች ክዳናቸው ተጠርቅሞ ቆመዋል። ጡረታ የወጣው የኤሌክትሪክ ሠራተኛ ቪርጂል አንዱ ላይ ቁጢጥ ብሎ በጣቶቹ ቀን ይቆጥራል። የሚስቱ ወንድም ፓንቴ መጥረጊያ ተደግፎ ያየዋል።)

ቪርጂል፦ ኦገስት ሠላሳ ነው ስልህ!

ፓንቴ፦ ሠላሳ አንድ ነው።

ቪርጂል፦ ጁላይ ሠላሳ አንድ ከሆነ ኦገስት እንዴት ሠላሳ አንድ ይሆናል? ተራ በተራ ነው እኮ! አንዱ ሙሉ፣ አንዱ ጎዶሎ። እንደ እኔና አንተ።

ፓንቴ፦ (ጡጫውን ጨብጦ የጣቶቹን አንጓ ይነካካል) ይኸው ጁላይ፤ አንጓው ላይ ነው፤ እጄ አለቀ። ኦገስት ከሌላው እጄ ይጀምራል። እሱም አንጓ ላይ ነው። ሁለቱም ሙሉ ናቸው።

ቪርጂል፦ ዓለም ባንተ ጡጫ አይመራም! ባንኩ የሚለው ግልጽ ነው። በካርድ የከፈልክበት ዕቃ ካልመጣ፣ ይደርሳል ከተባለበት ቀን አንስቶ እስከ መቶ ሃያ ቀን ድረስ ክፍያውን መቃወም ትችላለህ። የአረቄ ማውጫ የመዳብ ጋኔ ይደርሳል የተባለው ጁላይ አሥር ነበር። መቶ ሃያ ቁጠር፤ ኖቬምበር ስምንት ላይ ያርፋል። ነገ ነው። ነገ ጠዋት ጢሜን ተላጭቼ፣ በእርጋታ እደውላለሁ።

ፓንቴ፦ ኦገስት ሠላሳ አንድ ከሆነስ?

ቪርጂል፦ ያኔማ ዛሬ ይሆ...

ፓንቴ፦ የባንኩ ስልክ የሚዘጋው ስንት ሰዓት ነው?

ቪርጂል፦ አሥራ አንድ።

ፓንቴ፦ አሁን አሥር ተኩል ሆኗል።

ቪርጂል፦ (ከበርሜሉ ላይ ዘሎ ይወርዳል) ታዲያ ምን ያፈዝዝሃል? ስልኬን አምጣ! ስልኬ የታለ?

ፓንቴ፦ ይዘኸዋል።

ቪርጂል፦ (ቁጥር እየመታ) ላንተ ብዬ ነው ነገ ያልኩት። እኔ ዛሬ መሆኑን አውቃለሁ። አራት ሺህ ሌይ እኮ ነው ያወጣሁበት! ይሄን ገንዘብ ባንኩ እንደሚመልስ ወረቀት ካሳየሁት፣ የመንደሩ መዳብ ቀጥቃጭ ያዘጋጀውን ሌላ ጋን ዛሬውኑ ያስጭነኛል። ጋኑ ካለ ድፍድፉ ይወጣል። ድፍድፉ ከወጣ የልጄ የሚሬላ ሠርግ ይደምቃል። ካልወጣ... (ያማትባል) የሙሽራው ዘመዶች የሱቻቫ ሰዎች ናቸው። ውሃ የሚጠጡት ሲታመሙ ነው። ስልሳ ሊትር አረቄ አቀርባለሁ ብያቸዋለሁ፤ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ላይ፣ ቄሱ እየሰሙ። አሥራ አምስት ቀን ቀረው። ደረቅ ጠረጴዛ ካዩ ልጄን ከነቬሏ ይመልሱልኛል።

ፓንቴ፦ ስለ ድፍድፉ እኮ አንድ ነገር ልነግርህ...

ቪርጂል፦ (በርሜሉን ኳ ኳ አድርጎ ጆሮውን ይለጥፋል) እሽሽ! ሰማህ? ቡልቅ፣ ቡልቅ። "ቪርጂል ሆይ፣ ደርሻለሁ፣ አውጣኝ" ይላል። እኔ ሠላሳ ዓመት ሙሉ የሞተር ሕመም በድምፁ ብቻ ስለይ የኖርኩ ሰው ነኝ።

ፓንቴ፦ ትንሽ ጎመን ጎመን አይልም ግን?

ቪርጂል፦ አንተ ነህ ጎመን ጎመን የምትለው። ምሳህን ጢምህ ላይ ነው የምታቆየው። ይልቅ ክዳኑን የነካ ሰው አለ?

ፓንቴ፦ እሱን ነው እኮ ልነግርህ የ...

ቪርጂል፦ እንዳትነኩ ብያለሁ! አየር ከገባበት በሦስት ቀን ኮምጣጤ ነው። ስድስት መቶ ኪሎ ፕሪም አንድ በአንድ ለቅሜ የጨመርኩት ሰላጣ ላጣፍጥበት አይደለም።

ፓንቴ፦ አማቼ፣ ዝም ብለህ ወደ ጋሽ ኢላሪዬ አረቄ ማውጫ ብትወስደውስ? መንደሩ ሁሉ እዚያ ነው የሚያወጣው።

ቪርጂል፦ ኢላሪዬ! ከአሥር ሊትር አንድ ሊትር ለራሱ እየቀዳ የሚያስቀር ቀማኛ! እኔ የራሴን ጋን ያዘዝኩት ለምን ይመስልሃል? ለዚያ ሰውዬ አንዲት ጠብታ ብሰጥ እጄ ይድረቅ! (ስልኩን ወደ ጆሮው) ይኸው፣ እያዘፈነብኝ ነው። እስኪያነሱ ድረስ አንተን ላስተምርህ። አንተ ከዚያው ሱቅ ያዘዝከው የፕሪም መፍጫ ስንት ነበር?

ፓንቴ፦ አንድ ሺህ አምስት መቶ። ግን የኔማ...

ቪርጂል፦ የኔማ የኔማ አትበል፤ ስማ። የኔ እንዳለቀ ያንተን እናስመልሳለን። ባንክ መጀመሪያ የሚጠይቅህ "ሱቁን ራስህ ጠይቀኸዋል ወይ?" ብሎ ነው። ጠይቀሃል?

ፓንቴ፦ በየሰኞው እጽፍላቸው ነበር።

ቪርጂል፦ ምን እያልክ?

ፓንቴ፦ "ጤና ይስጥልኝ፣ እንዴት ከረማችሁ? እኛ ደህና ነን። ላሟ ወለደች። መፍጫው ግን አልደረሰም። ሥራ በዝቶባችሁ ይሆናል፤ አይዟችሁ።"

ቪርጂል፦ (በሳቅ ይታጠፋል) ላሟ ወለደች! ለኢንተርኔት ሱቅ! እና መለሱልህ?

ፓንቴ፦ አንዴ መልሰዋል። "መልእክትዎ ደርሶናል" አሉ። እኔም "እግዜር ይስጥልኝ፤ የናንተ ግን አልደረሰኝም" ብዬ ጻፍኩ። ሁሉንም ልጄ አትማልኛለች፤ አሥራ አራት ገጽ ሆኗል።

ቪርጂል፦ ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም! እኔ እንዳንተ አልተለማመጥኩም፤ እየደወልኩ ነው የሰደብኳቸው። አሥራ አንድ ጊዜ!

ፓንቴ፦ ማን አነሳው?

ቪርጂል፦ ማንም። ግን ስድቡ ደርሷቸዋል። (በድንገት ቀጥ ብሎ ይቆማል) እሽሽ፣ አነሱ! (ድምፁን አወፍሮ) ጤና ይስጥልኝ፣ እመቤቴ! ያልደረሰኝን ዕቃ ክፍያ ለመቃወም ነው። አዎ፣ የከሰረው ሱቅ። አራት ሺህ ሌይ፣ በካርድ። መቶ ሊትር የሚይዝ የመዳብ ጋን ነው። ለምን? ለ... ለጃም።

ፓንቴ፦ (ለራሱ) ስልሳ ሊትር ጃም።

ቪርጂል፦ (በእጁ ዝም በል እያለው) ምን አሉኝ? ዛሬ የመጨረሻው ቀን ነው? አውቃለሁ እንጂ! አስልቼ ነው የደወልኩት። ኦገስትማ ሠላሳ አንድ ነው፣ ማን ያጣዋል! (ፓንቴ አንጓውን ያያል) ማስረጃ? የከፈልኩበት አለ። ሱቁን የጠየቅኩበት? በቃል ነው የጠየቅኳቸው። ምን አልኳቸው? እመቤቴ፣ ለሴት ልጅ የሚደገም አይደለም።

ፓንቴ፦ ስለ ጥጃው ንገራት።

ቪርጂል፦ (ስልኩን ሸፍኖ) ወግድ! (ወደ ስልኩ) ይቅርታ፣ አንድ ፈዛዛ እዚህ አጠገቤ ነው። በምትኩ የተቀበልኩት ነገር? (ፊቱ ይበራል) አዎ እንጂ! ኦገስት ላይ ሱቁ ኢሜይል ላከ። "ስለ መዘግየቱ ይቅርታ፤ ከፈቀዱ የከፈሉትን ወደ ስጦታ ኩፖን ለውጠን ሠላሳ በመቶ እንጨምርልዎ" አለ። እኔ እንዲህ ያለው ነገር አያመልጠኝም! ኢሜይሉን አንብቤ ሳልጨርስ ነው "እስማማለሁ" የሚለውን የተጫንኩት። ስለዚህ አሁን ያለኝ አራት ሺህ ሳይሆን አምስት ሺህ ሁለት መቶ ነው። ከቻላችሁ እንግዲህ በዚያው ልክ ብትመልሱልኝ...

(ስልኩን ጆሮው ላይ ለጥፎ ያዳምጣል።)

ቪርጂል፦ እንዴት ተረክቤያለሁ? ምኑን ነው የተረከብኩት? ኩፖኑን? ወረቀት እኮ ነው! እሺ ተስማምቻለሁ፤ ግን... ሱቁ የለም እኮ እመቤቴ! ከስሯል! ኩፖኑን የት ልመንዝረው? የተቆለፈ በር ላይ? ... የባንኩ ጉዳይ አይደለም? የማን ነው ታዲያ? ... ሒሳብ አጣሪው ዘንድ ሄጄ ልመዝገብ? እሺ፣ ስንተኛ ነኝ? ... ሠራተኞቹ ይቀድማሉ፤ ይሁን፣ ልጆች አሏቸው። ቀጥሎ ግብር። ቀጥሎ ባንኮች... እናንተም አላችሁበት? ከኔ ፊት? ... ከኔ ኋላስ ማን አለ? ... ሃሎ? ሃሎ!

(ስልኩን ቀስ ብሎ ኪሱ ይከታል። ተመልሶ በርሜሉ ላይ ይቀመጣል።)

ፓንቴ፦ ምን አሉህ?

ቪርጂል፦ ኔትዎርክ ተቋረጠ።

ፓንቴ፦ ድምፁ እኮ ወደ ውጭ ወጥቶ ነበር። "ከኋላዎ ማንም የለም" ስትልህ ሰምቻለሁ።

ቪርጂል፦ ይሁን፣ ቢያንስ ብቻዬን አይደለሁም። አንተንም እንዲሁ ነው የሚሉህ። በአንድ ቀን አዘዝን፣ በአንድ ቀን ከሰርን።

ፓንቴ፦ የኔ ተመልሷል።

ቪርጂል፦ ምኑ?

ፓንቴ፦ አንድ ሺህ አምስት መቶው። ልነግርህ ስል አላስወራኸኝም። የሱቁን መክሰር የሰማሁ ዕለት ነው ወረቀቶቼን በላስቲክ ከረጢት ይዤ ባንክ የሄድኩት። መስኮቱ ላይ ያለችው ልጅ ደብዳቤዎቼን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አነበበቻቸው። አለቃዋንም ጠርታ አስነበበችው። "ይሄ ሰውዬ በደንብ ጠይቋል" አለና ማኅተም መታበት። "ጥጃው ወንድ ነው ሴት?" ብለውም ጠየቁኝ። ባለፈው ሰኞ ገንዘቡ ገባ።

ቪርጂል፦ (ይነሳል) ኩፖኑስ? ላንተም ተልኮልህ ነበር!

ፓንቴ፦ ተልኮልኛል። አልተጫንኩትም።

ቪርጂል፦ መጫኑን ሳታውቅበት ቀርተህ ነው!

ፓንቴ፦ እሱም አለበት። ግን ደግሞ ፈራሁ። ያበደርኩትን ያልመለሰ ሰው ጭራሽ ስጦታ ልጨምርልህ ሲለኝ፣ የኔን አጥቶ የራሱን ከየት ያመጣል አልኩ።

ቪርጂል፦ (በሁለት እጁ ራሱን ይይዛል) አለቀልኝ። ጋን የለም፣ ገንዘብ የለም። ይሄ ድፍድፍ በሳምንት ውስጥ ኮምጣጤ ነው። ሚሬላዬ! ሱቻቫዎች ፊት በባዶ ብርጭቆ! ምን ብዬ እነሳለሁ? ሠላሳ በመቶ ተጨምሮልኛል ብዬ?

ፓንቴ፦ አሁን ስለ ድፍድፉ ልንገርህ?

ቪርጂል፦ ንገረኝ። ከዚህ ወዲያ ምን ይመጣብኛል።

ፓንቴ፦ የለም።

ቪርጂል፦ (ይጮኻል) ኮምጣጤ ሆነ?

ፓንቴ፦ አረቄ ሆነ። ገንዘቤ እንደገባ ማገዶ ገዛሁበትና፣ በማግስቱ በጋሪ ጭኜ ወደ ጋሽ ኢላሪዬ ወሰድኩት። ሁለት ቀን ሁለት ሌሊት አወጣነው። ሰባ ሊትር ሆነ፤ ኢላሪዬ ሰባቱን ቀዳ። አንድ ሊትር ደግሞ ቄሱ ባረኩት።

ቪርጂል፦ አንድ ሊትር ሙሉ ይባረካል?

ፓንቴ፦ ሦስት ጊዜ ነው የባረኩት። ሦስተኛው ላይ ተንበርክከው መነሳት አቃታቸው። ስልሳ ሁለቱ እኔ አልጋ ሥር ነው።

ቪርጂል፦ (ሊያቅፈው እጁን ዘርግቶ መሐል ላይ ያቆማል) ቆይ! ለኢላሪዬ? የኔን ፕሪም? ከአሥር አንድ?

ፓንቴ፦ አማቼ፣ ኢላሪዬ ከአሥር አንድ ወሰደ። ያንተ ሱቅ ከአሥር አሥራ ሦስት ነው የወሰደብህ።

(ቪርጂል በጣቶቹ ከአሥር እስከ አሥራ ሦስት ይቆጥራል። ከዚያ ፊቱ ይለዋወጣል። ቀስ ብሎ ወደ በርሜሉ ይዞራል።)

ቪርጂል፦ ታዲያ... ሳምንቱን ሙሉ እየመጣሁ የማዳምጠው... ቡልቅ ቡልቅ የሚለው ምንድን ነው?

ፓንቴ፦ ጥቅል ጎመን። በርሜሉ ባዶ ሆኖ ከሚቆም ብላ ሚስቴ ሳንዳ የሠርጉን ጎመን በጨው ዘፍዝፋበታለች። "ቪርጂል እየመጣ ያናግርልኛል፣ ቶሎ ይደርሳል" እያለች ነው።

(ቪርጂል በርሜሉን ለረጅም ጊዜ ያያል። ኳ ኳ ያደርገዋል። ጎንበስ ብሎ ጆሮውን ይለጥፋል።)

ፓንቴ፦ እ? ምን ይላል?

ቪርጂል፦ (ጆሮውን ሳያነሳ) ኦገስት ሠላሳ አንድ ነው ይላል።