ባሕር የተሻገረች እፍኝ

የፓስታ ዋጋ የሚወጣባቸው መንገዶች ሁለት ናቸው። አንደኛውን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። ባለሱቁ ወደ ጣሪያው እያየ አዲሱን ዋጋ ይነግራችኋል፤ እናንተ ትጮኻላችሁ፤ እሱም «ከላይ ጨምሮ ነው» ይላል። ይህ «ከላይ» የሚባለው ማን እንደሆነ በዚህ ዕድሜዬ እንኳን አግኝቼው አላውቅም። ሁለተኛው መንገድ ግን ጨዋ ነው፣ ማንንም አያስቀይምም። ዋጋው እንደነበረ ይቆያል፤ እሽጉ ላይ ሹካ ይዛ የምትስቀው ሴትዮም እንደነበረች ትስቃለች፤ ውስጥ ያለው ፓስታ ብቻ ይከሳል። ወደ ቤታችሁ ትወስዱታላችሁ፣ ለአምስት ሰው ይበቃ የነበረው ለአራት ይሆናል፣ እናንተም «ሆዳም ሆናችሁ» ብላችሁ ልጆቻችሁን ትቆጣላችሁ።

እኔ እመዝናለሁ። መካነ ሰላም ገበያው ዳር የእህል መጋዘን አለኝ፣ መጋዘን ያለው ሰው ሚዛን አለው፣ ሚዛን ያለው ሰው ደግሞ ዝም ብሎ አይበላም። ፓስታ ገዝቼ ወደ መጋዘኑ ስታጠፍ ያየ ባለሱቅ ደስ አይለውም።

ዋጋ ሲወጣና ሲወርድ ማየት ሥራዬም ሱሴም ነው። የሰው እህል በትከሻዬ ከመሸከም ተነስቼ የራሴን በሰው ትከሻ እስከማሸከም የደረስሁት በዚሁ ነው። ገብስ ጥር ላይ ገበያውን ሞልቶ ሲፈስ ይረክሳል፤ ያን ጊዜ የሸጠው ገበሬ ራሱ ክረምት ላይ በውድ ሊገዛው ይመጣል። ድሮ ይህንን ለማወቅ ሰማዩንና ገበያ የሚገባውን ጆንያ ማየት ይበቃ ነበር። ዛሬ ስልክ አለ። አዲስ አበባ ላይ ጠዋት የጨመረ ዋጋ ለምሳ እኛ ዘንድ ይደርሳል፤ የቀነሰው ግን መንገዱ ተበላሽቶበት ነው መሰለኝ ይዘገያል። ዶላር በእጁ ነክቶ የማያውቅ ገበሬ «ዶላር ዛሬ እንዴት ዋለ?» ብሎ እንደታመመ ዘመድ ይጠይቀኛል።

በዚህ ሁሉ መሃል ያልተለወጠው አንድ ነገር ነበር፤ እህላችን ራቁቱን ሄዶ ለብሶ ይመለሳል። ከደጋው የወረደው ስንዴ በጆንያ ተጭኖ ይሄዳል፤ ከወራት በኋላ ፓስታና ማካሮኒ ሆኖ፣ የሚያብረቀርቅ ላስቲክ ለብሶ፣ በዚያው መንገድ፣ አንዳንዴም በዚያው መኪና ይመለሳል። ያመረተው ሰው ሊገዛው ሲመጣ አይለየውም። ይህንን የታዘበ ሰው ብዙ ነው። ታዝቦ አንድ ነገር ያደረገ ሰው ግን እኔ ያየሁት አንድ ነው፤ እሷም ዘይነባ ናት።

ዘይነባ የሰፈራችን ልጅ ናት፤ ሪያድ ሰው ቤት ሠርታ የተመለሰች። ከዚያ የሚመለሱ ልጆች አብዛኛውን ጊዜ ቤት ያሠራሉ ወይም ባጃጅ ይገዛሉ። እሷ እኔ ዘንድ መጥታ ገብስ ገዛች። ያውም ከለጋምቦ የመጣውን ነጩን፣ ከየጆንያው እየዘገነች፣ እፍ እያለች፣ በጥርሷ እየሰበረች።

«በሶ አዘጋጅቼ ወደ ውጭ ልልክ ነው» አለችኝ።

«ሰዉ ሁሉ ፓስታ በሚበላበት ዘመን በሶ ማን ይገዛሻል?»

«ጋሼ፣ ከእመቤቴ ጋር ሱፐርማርኬት ስንገባ የእኔ ሥራ ጋሪ መግፋት ነበር። እሷ ዕቃ ስትመርጥ እኔ ዋጋ አነብ ነበር። ስንዴው አንድ ነው። ዱቄት ሲሆን አንድ ዋጋ አለው፣ ፓስታ ሲሆን ሌላ፣ ተቀቅሎ ከነሱጎው ሲታሸግማ ወላሂ እሱን አይጠይቁኝ። ሰው የሚከፍለው ለእህሉ አይደለም፤ እሱ ራሱ ላልሠራው ሥራ ነው።»

«እሺ፣ በሶውስ?»

«ፓስታ እሳት ይፈልጋል፣ ድስት ይፈልጋል፣ የእመቤት ፈቃድ ይፈልጋል። በሶ ብርጭቆና ውኃ ነው። ሰው ቤት ያለችው ልጅ ሥራዋ መሃል ቆማ በጥብጣ ትጠጣለች። ገዢዎቼ እነሱ ናቸው።»

ዕድሜዬን ሙሉ ገብስ ስንት እንደሚያወጣ ስቆጥር ድስት አለመጣድ ስንት እንደሚያወጣ አስቤ አላውቅም ነበር። ልጅቷን ማድነቅ የጀመርሁት ያን ጊዜ ነው። ዋጋ ግን አልቀነስሁላትም።

ግቢ ተከራየች፣ ሴቶች ቀጠረች። ገብሱ ተለቀመ፣ ተቆላ፣ ተፈጨ፣ ተነፋ። አዲስ አበባ ያለ አንድ ላኪ፣ ሽሮና ቅመም ወደ ዓረብ አገር የሚጭን ጎልማሳ፣ ሁለት ሺህ እሽግ ወደ ሪያድ ሊወስድላት ተስማማ። እያንዳንዱ አንድ ኪሎ፣ ላስቲኩ ላይም ክብደቱ የታተመበት። የሪያድ ላቧ በሙሉ እዚያ ግቢ ውስጥ በሶ ሆኖ ተከምሯል። ይህ ጭነት ካለፈ ገበያ አገኘች ማለት ነው። ካላለፈ ላኪው ሌላ አቅራቢ አያጣም፤ የተፈጨ በሶ ደግሞ እንደ ጥሬ ገብስ ክረምትን ጠብቆ አይወደድም፣ ቆይቶ ይሻግታል እንጂ።

የማሸጉን ሥራ የመሩት እትዬ ብርቄ ናቸው። እትዬ ብርቄ ገበያችን ውስጥ ገብስና ሽምብራ በጣሳ ሲሰፍሩ ያረጁ ሴት ናቸው። ሰፍረው ሲጨርሱ አንድ እፍኝ አንስተው ከላይ ጣል ያደርጋሉ። ይህቺ እፍኝ ምርቃት ትባላለች፣ ገበያ ወጥታችሁ የምታውቁ ታውቋታላችሁ። ያለ እሷ ሽያጩ አላለቀም። ገዢው ከረጢቱን እንደከፈተ «ይመርቁልኝ እንጂ» እያለ ይቆማል፤ የማይመርቅ ሻጭ ስፍሩ የቱንም ያህል ልክ ቢሆን ስሙ ስስታም ነው። እትዬ ብርቄ ደግሞ ሳይጠየቁ ነው የሚመርቁት። እጃቸው ከሐሳባቸው ይቀድማል።

እንግዲህ እኚህን ሴት ፊታቸው ቁጥር የሚያበራ ሚዛን አስቀምጣችሁ አንድ ኪሎ ይሙሉ ብትሏቸው ምን ያደርጋሉ? አንድ ኪሎ ይሞላሉ። ቁጥሩ ልክ ሲመጣ ከረጢቱን ከሚዛኑ ያወርዳሉ። ከዚያ ይመርቃሉ። ከዚያ ይታሸጋል። ሌሎቹ ሴቶችም እሳቸውን አይተው መረቁ። ዘይነባ እዚያው ነበረች፣ እኔም ደጋግሜ ገብቻለሁ፤ ማናችንም ልብ አላልንም። የሰው እጅ ሲመርቅ ማየት የሰው ዓይን ሲርገበገብ እንደማየት ነው፤ ማን ልብ ይለዋል?

ልብ ያለው ላኪው ነው። ከጭነቱ በፊት አንድ ካርቶን በአውቶቡስ ተልኮለት ነበርና መዝኖ ደወለ። ግቢው ውስጥ ቆመን ሳለን ዘይነባ ድምፁን ለሁላችንም ከፈተችው።

«እህቴ፣ ይሄ ምንድን ነው? አንዱ ከኪሎው ላይ ሰማንያ ግራም፣ አንዱ መቶ፣ አንዱማ መቶ ሃምሳ!»

«ጎደለ?» አለች ዘይነባ፣ ፊቷ ተለዋውጦ።

«ቢጎድልማ ሂሳብሽን ቀንሼ እገላገል ነበር። ተርፎ ነው እንጂ!»

«ምርቃት ነው የኔ ልጅ» አሉ እትዬ ብርቄ ወደ ስልኩ ጎንበስ ብለው፣ ምስጋና እየጠበቁ።

«እናቴ፣ ሰነዱ ላይ አንድ ኪሎ ብዬ ነው የጻፍሁት። ጉምሩክ መዝኖ ከወረቀቱ በላይ ሲያገኝ ተመረቀልን ብሎ ደስ የሚለው ይመስልዎታል? ደብቃችሁ ልትልኩ ነው ብሎ ነው የሚይዘኝ። ዘይነባ፣ መኪናው ከነገ ወዲያ ይመጣል። ሁሉም ልኩን ካልሆነ ቦታውን ለሌላ ሰው እሰጣለሁ፤ አትቀየሚኝ።»

ስልኩ ተዘጋ። እኔ ወዲያው ማስላት ጀመርሁ፤ ሌላ ምን አውቃለሁ? ወረቀቱን ከፍ አድርጎ መጻፍ አይሆንም፣ የእያንዳንዱ እሽግ ክብደት ለየቅል ነው። ያለው መንገድ አንድ ነው።

«ዘይነባ፣ ሁሉንም ከፍተን ትርፉን እናንሳ» አልሁ። «እንዲያውም ከዚህ ሁሉ እሽግ ወደ ሁለት ኩንታል ይወጣል። እሱን ሸጠሽ ወጪሽን ትሸፍኛለሽ።»

እትዬ ብርቄ ከበርጩማቸው ተነሱ። «የቱን ትርፍ ነው የምታነሱት?»

«ከኪሎው በላይ ያለውን።»

«እሱ ትርፍ አይደለም። የሰጠሁት ነው።»

«እትዬ፣ ገና ከግቢው አልወጣም እኮ።»

«ከእጄ ወጥቷል! አንቱ መርቀው ሲያበቁ ከሰው ከረጢት መልሰው ዘግነው ያውቃሉ?»

«ሰውየው የታለና? ከረጢቱ ገና ባለቤት የለውም።»

«አለው። ሪያድ ነው ያለው። ባለቤቱ ሩቅ ነው ብለን እንስረቀው?»

የቀሩት ሴቶች ወንፊታቸውን አስቀምጠው፣ እጃቸውን አጣጥፈው እሳቸውን ማየት ጀመሩ። እነሱ ካልነኩት ያንን ሁሉ እሽግ በሁለት ቀን ፈትቶ መልሶ የሚያሽግ ሰው ከየት ይመጣል? ዘይነባ የካርቶን ክምር ላይ ተቀምጣ መሬት መሬት ታያለች። አለቀሰች ብዬ ነበር። ስታስብ ኖሯል። ስልኳን አንስታ ደወለች።

«ወንድሜ፣ እዚያ ላሉት ሱቆች ማስቀመሻ ናሙና ስትልክ ሰነዱ ላይ እንዴት ነው የምትጽፈው?»

«ናሙና፣ የማይሸጥ ብዬ ክብደቱን እጽፋለሁ። ለምን?»

«መርሃባ። ከሁለት ሺው እሽግ ሌላ ሁለት ኩንታል ናሙና አለ ብለህ ጻፍ። በትንንሽ ላስቲክ አድርገን እንልካለን፤ ሱቆቹ ለሚገዛቸው ሰው ይስጡት።»

ነጻ ነገር የቀረበለት ነጋዴ መጀመሪያ የሚፈልገው ተንኮሉ የት እንዳለ ነው። እኔም ብሆን እፈልግ ነበር።

«ስንት ታስቢብኛለሽ?»

«ምንም። ምርቃት ነው አሉህ እኮ።»

«የማጓጓዣውስ?»

«የማጓጓዣውማ ባንተ ነው» አለችና ዘጋችው።

ከዚያ ወደ እትዬ ብርቄ ዞረች። «እትዬ፣ የሰጡት አይመለስም። ከአንዱ ከረጢት ወደ ሌላው ይዛወራል እንጂ ለዚያው ለሪያድ ሰው ይደርሳል።»

«በነጻ?»

«በነጻ።»

«ነጻ መሆኑ ይጻፍበት። ኋላ እዚያ ያለው ባለሱቅ እንዳይሸጠው።»

«በዓረብኛም በአማርኛም ይጻፋል፣ ኢንሻ አላህ።»

እትዬ ብርቄ ነጠላቸውን ወገባቸው ላይ አጠበቁና «እንግዲያው መቀስ አምጡ» አሉ።

ያኔ የተሠራውን ሥራ አይቶ የማያደንቅ ሰው ካለ እሱ ሥራ አያውቅም። አንዷ በመቀስ ትከፍታለች፣ አንዷ ታጎድላለች፣ አንዷ ሚዛኑን ታነባለች፣ አንዷ በአዲስ ላስቲክ ታሽጋለች። መብራት ሲጠፋ ማሸጊያው ይቆማል፤ እነሱ ግን የሚከፈተውን እየከፈቱ፣ መብራት የማይፈልገውን ሚዛን ከእኔ መጋዘን አስመጥተው እየመዘኑ ይጠብቁታል። ትንንሾቹ ላስቲኮች ላይ ዘይነባ ራሷ «በነጻ» እያለች ስትጽፍ ጣቶቿ በቀለም ጠቆሩ። መኪናው ሲመጣ የመጨረሻው ካርቶን ገና በመታሰር ላይ ነበር። ረዳቱ ጮኸ፣ ሴቶቹም መልሰው ጮኹበት፣ ተጫነ፣ ሄደ።

ናሙናው የት እንደደረሰ የሰማነው ከላኪው ነው። እዚያ ያሉ ልጆች ትንሿን ላስቲክ በነጻ ወሰዱ፣ በጥብጠው ጠጡ፣ ተመልሰው ትልቁን ጠየቁ። ላኪው ደወለና ያለፈውን እጥፍ አዘዘ። ግን ላኪ ነውና «ብዙ ስለሆነ ዋጋ ቀንሺልኝ» አለ። በዚያ ላይ ገብስ ጨምሮ ነበር፤ የጨመርሁትም እኔው ነኝ። ዘይነባ መቀነሱ ቀርቶ ከፍ አድርጋ ነገረችው። አንድ ሰዓት ያህል ተከራከሩ። በመጨረሻ «ከዋጋው አንድ ብር አልነካም፤ ናሙናውን ግን እንደ በፊቱ እመርቅልሃለሁ» አለችው። ተስማማ። ደስም አለው።

«ትንሽ ብትቀንሺለት ናሙና ከማዘጋጀት አይቀልም ነበር?» አልኋት።

«የቀነስሁት ዋጋ ወረቀት ላይ ይቀራል፣ ጋሼ። በሚቀጥለው ጊዜ ክርክሩን ከዚያ ነው የሚጀምረው» አለችኝ።

ሁለተኛው ጭነት ሲታሸግ ልይ ብዬ ገባሁ። እትዬ ብርቄ በርጩማቸው ላይ ናቸው። አንድ ኪሎ ይሞላሉ፤ ቁጥሩ ልክ ሲመጣ ከረጢቱን ያወርዳሉ። ከዚያ እጃቸውን በሶው ውስጥ ይከትቱና አንድ እፍኝ ይዘግናሉ፤ እፍኟን በከረጢቱ አፍ ላይ ያሳልፏታል፤ ሳይጥሏት ጎናቸው ወዳለው የናሙና ጆንያ ይወስዷታል። ከዚያ ቀጣዩን ከረጢት። ሌሎቹም እንደዚያው። አንድም ከረጢት ያለ እፍኝ አላለፈም፤ አንድም እፍኝ ከረጢት ውስጥ አልገባችም።

ቆጠርሁ፤ እንዴት አልቆጥርም? ለናሙናው የሚሆነውን መጨረሻ ላይ በአንድ ጊዜ መዝኖ መስፈር ሲቻል፣ እጅ ወዲያና ወዲህ ሲመላለስ የሁሉም ሴቶች ግማሽ ቀን ይሄዳል። ይህንኑ ለእትዬ ብርቄ ነገርኋቸው። የሁዳዴን ጾም በአንድ ቀን ጾሜ ልገላገል ያለ ሰው እንዳዩ ሁሉ ቀና ብለው አዩኝና ወደ ሥራቸው ተመለሱ።

ዘይነባ ክንዴን ይዛ ወደ በሩ ወሰደችኝ።

«ይተዉአቸው ጋሼ» አለች፣ እሳቸው እንዳይሰሙ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ። «እፍኟም ግማሽ ቀኑም ዋጋው ውስጥ ገብተዋል።»