ቅርጫ ላይ የተሰጠ ትምህርት

በደረሰበት ሁሉ ክፍል የሚከፍት መምህር አጋጥሟችሁ ያውቃል? የደባርቁ ጎረቤቴ መምህር ታደሰ እንዲህ ናቸው። ሊማሊሞ ቁልቁለት ላይ አውቶቡስ ቢበላሽ እንኳ ተሳፋሪውን ተማሪ ያደርጉታል። የሚያስተምሩት ባዮሎጂ ነው፤ ታዲያ እኛ ምን በደልን?

ለፋሲካ ከዳባት በሬ ገዝተን ቅርጫ ገባን። ዕጣው ወጥቶ ሁሉም መደቡን ካወቀ በኋላ አንዱ ጅማት አንሥቶ ለውሻ ወረወረ። መምህር ዘለው ተነሡ።

«ምን ማለትህ ነው? ይኼ እኮ አያያዥ ሕብረ ሕዋስ ነው! ጅማት ሥጋን ከአጥንት፣ አጥንትን ከአጥንት ያስራል። ልም አጥንት መገጣጠሚያው እንዳይፋጭ ያደርጋል፤ ስብ ብርድ ይከላከላል። አጥንትም ደምም ከዚሁ ወገን ናቸው። እነሱ ባይኖሩ በሬው ገና ዳባት ላይ ተበታትኖ ይቀር ነበር! ሥጋማ ምን ቁም ነገር አለው?»

ሁዳዴን የጾመ ሆዳችን እየጮኸ በጥሞና አዳመጥን። የቅርጫው ሽማግሌ አያ ሙላት ራሳቸውን ነቀነቁ።

«እውነትዎን ነው መምህር። ባለማወቅ ስንጥለው ኖርን። እንግዲህ ክብሩን ለሚያውቅ ይሰጥ።»

ይህን ብለው ጅማታቸውን በመምህር መደብ ላይ አኖሩና በምትኩ ከዚያው አንድ ሙዳ ሥጋ አነሡ። ሁላችንም ተከተልን። እኔማ ልም አጥንትም ጨምሬ ነው ያከበርኳቸው! መምህርስ አሁን በምን አፋቸው እምቢ ይበሉ?

ቤታችን ግድግዳ ለግድግዳ ነው። ባለቤታቸው ዘንቢሉን ገልጠው ሲያገላብጡ ቆዩና እንዲህ ሲሉ ሰማሁ፦

«ማያያዣውንስ አመጣህልኝ፤ የሚያያዘው የታለ?»